አራት ሜትር በአራት ሜትር፦ የክብደት ማንሳት አዳራሾችና ከወለላቸው በታች ያለው ፊዚክስ

ሮም፣ ቶኪዮና ሜክሲኮ ሲቲ ለኢትዮጵያዊ አንባቢ የማራቶን ከተሞች ናቸው። ስማቸው ሲነሣ በቅድሚያ ወደ ሐሳባችን የሚመጡት አበበ ቢቂላና ማሞ ወልዴ፣ ቀጥሎም ረጅሙ አውራ ጎዳና ነው። ይሁን እንጂ በ1960፣ በ1964 እና በ1968 (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት በሙሉ እንደ ጎርጎርዮስ አቆጣጠር ናቸው) በእነዚሁ ከተሞች፣ በዚያው የኦሊምፒክ ሰሞን፣ ከ42 ኪሎሜትሩ ጉዞ ፍጹም ተቃራኒ የሆነ ሌላ ውድድር ይካሄድ ነበር። ክብደት አንሺ የሚያስፈልገው ቦታ እያንዳንዱ ጎኑ 4 ሜትር የሆነ አንድ ንጣፍ ብቻ ነው። በማንሳት ላይ ሳለ እግሩ ከዚያ ንጣፍ ውጭ ቢረግጥ ሙከራው አይቆጠርለትም።

ስለ ክብደት አንሺዎች ጡንቻ ብዙ ተጽፏል። እኛ ግን ለአንድ አፍታ ዓይናችንን ከሰውየው አንሥተን ወደ ቆመበት ወለል እንመልከት።

በሮም ውድድሩ የተደረገው «ፓላዜቶ ዴሎ ስፖርት» በተባለው ክብ አዳራሽ ውስጥ ነበር። አርክቴክቱ አኒባሌ ቪቴሎዚና መሐንዲሱ ፒየር ሉዊጂ ኔርቪ በ1957 ያጠናቀቁት ይህ ሕንፃ፣ ወደ 60 ሜትር የሚጠጋ ስፋት ያለውን ስስ የኮንክሪት ጉልላት መንታ ክንድ ባላቸው 36 ዘመም ድጋፎች ላይ ያሳረፈ ነው። ጉልላት በገዛ ክብደቱ ጠርዙን ወደ ውጭ ይገፋል። ድጋፎቹ ያዘነበሉትም ይህን ግፊት ተቀብለው ወደ መሬት ለማውረድ ነው፤ ስለሆነም በአዳራሹ መካከል አንድም ምሰሶ አላስፈለገም። የሶቭየት ኅብረቱ ዩሪ ቭላሶቭ 202.5 ኪሎግራም ከራሱ በላይ ያነሣው በዚህ ጉልላት ሥር ነው። ውበቱ የማያከራክር ሕንፃ ነው። ለአንሺው ግን፣ እውነቱን ለመናገር፣ ያ ሁሉ ስፋት አያስፈልገውም ነበር።

ቶኪዮና ሜክሲኮ ሲቲ ይህን የተረዱ ይመስላል። በ1964 ውድድሩ የተካሄደው በሺቡያ የሕዝብ አዳራሽ ሲሆን፣ ይህ አዳራሽ ከዚያ በኋላ ለረጅም ዘመን የሙዚቃ ዝግጅት ማሳያ ሆኖ አገልግሏል። በ1968 ደግሞ ውድድሩ በግንባሩ ላይ የዲዬጎ ሪቬራ የሞዛይክ ሥዕል ባለበት በኢንሱርኼንቴስ ቴአትር ቤት ተደረገ። ክብደት ማንሳት በቴአትር ቤት! መጀመሪያ ሲሰሙት ቀልድ ይመስላል፤ ነገር ግን ቢያስቡት ከዚህ የተሻለ ቦታ አይገኝም። በአንድ ጊዜ የሚወጣው ተወዳዳሪ አንድ ብቻ ነው። ተመልካቹ የሚያየው ከፊት ለፊት ነው። ከመጋረጃው በስተጀርባ ያለው ክፍል ሰውነት ለማሟሟቅ ይመቻል። ከዚህም በላይ አንሺው ሚዛኑን የሚጠብቀው በውስጥ ጆሮው፣ በመገጣጠሚያዎቹና በዓይኑ ትብብር በመሆኑ፣ ብረቱን ከፍ አድርጎ ሲይዝ ዓይኑን ከፊቱ በአንድ ነጥብ ላይ ይተክላል። ጨለማ የወረሰው የተመልካች መቀመጫም ከሚንቀሳቀስ ሕዝብ ይልቅ ለዚህ ሳይሻል አይቀርም።

የቴአትር ቤት ችግሩ ወለሉ ነው። መድረኩ ብዙውን ጊዜ ከሥሩ ባዶ ሆኖ በአግዳሚ እንጨቶች ላይ የተዘረጋ ጣውላ ሲሆን፣ የታሰበውም ለተዋንያን እርምጃ ነው። በአንዳንድ ጥንታውያን የአውሮፓ ቴአትር ቤቶች ደግሞ መድረኩ ወደ ተመልካቹ ያዘነብላል። 200 ኪሎግራም የሚመዝን ብረት በ1 ዲግሪ ብቻ ባዘነበለ ወለል ላይ ቢቀመጥ፣ 3.5 ኪሎግራም ያህል በሚሆን ግፊት ወደ ታች ሊንከባለል ይሞክራል። ንጣፉ ከሁሉ አስቀድሞ ልሙጥና ውኃ ልክ መሆን ያለበትም ለዚህ ነው።

ቀጥሎ የሚመጣው የውድቀቱ ጉዳይ ነው። በ2021 በተካሄደው የቶኪዮ ኦሊምፒክ የጆርጂያው ላሻ ታላካዜ በቶኪዮ ዓለም አቀፍ ፎረም 265 ኪሎግራም አነሣ። አንድ አንሺ ይህን የሚያህል ብረት ትከሻው አካባቢ ሲደርስ ለቀቀው እንበል። የትልልቆቹ ክብ ብረቶች ስፋት 45 ሴንቲሜትር በመሆኑ ዘንጉ ወለል ላይ ተቀምጦም ቢሆን 22.5 ሴንቲሜትር ከፍ ብሎ ይገኛል፤ ስለዚህ ውድቀቱ 1.5 ሜትር ያህል ነው። ይህ ማለት በወለሉ ላይ የሚራገፈው ጉልበት 3,900 ጁል ገደማ ሲሆን፣ ብረቱ ወለሉን የሚነካው በሰዓት ወደ 20 ኪሎሜትር በሚጠጋ ፍጥነት ነው። ጎማውና ንጣፉ ተጨምቀው በ3 ሴንቲሜትር ርቀት ውስጥ ቢያቆሙት፣ በወለሉ ላይ የሚያርፈው አማካይ ኃይል 130,000 ኒውተን፣ ማለትም የ13 ቶን ሸክም ያህል ይሆናል። ብረት በኮንክሪት ላይ ወድቆ በ3 ሚሊሜትር ውስጥ ቢቆም ኖሮ ግን ኃይሉ አሥር እጥፍ ይሆን ነበር።

እንግዲያው ወለሉ እንደ ፍራሽ የለሰለሰ ይሁን? እዚህ ላይ ነው ነገሩ የሚወሳሰበው። አንሺው ብረቱን ወደ ላይ የሚልከው ወለሉን ወደ ታች በመግፋት ነው። ወለሉ ከሰመጠ፣ ከእግሩ የወጣው ጉልበት ከፊሉ ወለሉን በማጉበጥ ይባክናል፤ ወለሉ ዘግይቶ ሲመልሰውም የሰውየውን ሚዛን ያናጋል። አንዱ ወለል ለእግር ጠንካራ፣ ለሚወድቀው ብረት ለስላሳ እንዲሆን ይጠየቃል ማለት ነው። በልምምድ ቤቶች መፍትሔው ቀላል ነው፤ መካከሉ ጣውላ፣ ብረቱ የሚያርፍባቸው ሁለቱ ጎኖች ጎማ ይሆናሉ። በውድድር ላይ ግን አንሺው ብረቱን ተከትሎ ወደ ግራም ወደ ቀኝም ሊራመድ ስለሚችል ንጣፉ ከዳር እስከ ዳር አንድ ዓይነት ነው። በመሆኑም ልስላሴው ከወለሉ ወጥቶ ወደ ራሱ ወደ ብረቱ ተዛወረ፤ ትልልቆቹ ክብ ብረቶች በጎማ ተሸፈኑ። የንጣፉ ድርሻ ጠንካራ ሆኖ ምቱን በሰፊ ቦታ ላይ ማከፋፈል ሆነ።

በዚህ ዓይን ሲታይ የሌሎቹ አዳራሾች ምርጫ ትርጉም ያገኛል። ሄልሲንኪ በ1952፣ አትላንታ በ1996፣ ሴቶች ለመጀመሪያ ጊዜ በኦሊምፒክ የተወዳደሩባት ሲድኒ በ2000፣ ለንደን በ2012፣ ሪዮ በ2016 እንዲሁም ፓሪስ በ2024 ውድድሩን ያካሄዱት በንግድ ትርዒትና በስብሰባ ማዕከላት ነው። ለትርዒት የሚሠራ ወለል የከባድ ማሽን ሸክም ታስቦ የሚነጠፍ ስለሆነ 13 ቶን አያስደነግጠውም። ዩኒቨርሲቲዎችም ድርሻቸውን ተወጥተዋል፤ የሎስ አንጀለሱ የ1984 ውድድር በሎዮላ ሜሪማውንት ዩኒቨርሲቲ፣ የቤጂንጉ የ2008 ውድድር ደግሞ በአየርና በጠፈር በረራ ትምህርት በሚታወቀው በቤይሃንግ ዩኒቨርሲቲ ጂምናዚየም ተደርጓል። ሴኡል በአንጻሩ ለ1988 ለዚሁ ስፖርት ብቻ ልዩ አዳራሽ ሠራች። የቱርኩ ናይም ሱሌይማኖግሉ በ60 ኪሎግራም ምድብ ተሰልፎ ከራሱ ሦስት እጥፍ የሚበልጥ 190 ኪሎግራም ያነሣው እዚያ ነው። አዳራሹ ከጊዜ በኋላ ወደ ሙዚቃዊ ቴአትር ማሳያነት ተለውጧል። ሜክሲኮ ከቴአትር የጀመረችውን ሴኡል በቴአትር ጨረሰችው ማለት ይቻላል፤ ለአንድ ንጣፍ ሲባል ልዩ ሕንፃ መሥራት አስፈላጊ አለመሆኑንም ይህ ታሪክ ሳያሳይ አይቀርም።

ከንጣፉ፣ ከጣውላውና ከኮንክሪቱ ሥር ደግሞ አዘጋጅ የማይመርጠው ሌላ ነገር አለ፤ መሬት ራሷ። የስፖርቱ ስም «ክብደት ማንሳት» ይባል እንጂ በመዝገብ ላይ የሚሰፍረው ኪሎግራም የግዝፈት መለኪያ ነው። ክብደት መሬት ያንን ግዝፈት የምትስብበት ኃይል ስለሆነ ከቦታ ቦታ ይለያያል። መሬት በወገቧ ዙሪያ ትንሽ ያበጠች ናት፤ በምድር ወገብ ላይ ያለ ሰው ከመሬት ማዕከል ያለው ርቀት በዋልታ ላይ ካለው በ21 ኪሎሜትር ያህል ይበልጣል። የመሬት መሽከርከርና የቦታው ከፍታም ስበቱን ይቀንሳሉ። በዚህ ምክንያት የስበት ሽምጠት (የሚወድቅ ነገር ፍጥነት በየሴኮንዱ የሚጨምርበት መጠን) በሄልሲንኪ 9.82፣ በቶኪዮ 9.80፣ በሜክሲኮ ሲቲ 9.78 ሜትር በሴኮንድ ስኩዌር ያህል ነው።

የሶቭየት ኅብረቱ ሊዮኒድ ዣቦቲንስኪ በ1964 በቶኪዮ፣ በ1968 ደግሞ በሜክሲኮ ሲቲ በከባድ ሚዛን አሸናፊ ሆኗል። ያን ጊዜ ውድድሩ ሦስት ዓይነት አነሳስ ነበረው፤ ሁለት ብቻ የሆነው ከ1972 ወዲህ ነው። የሚገርመው በሁለቱም ከተሞች ያስመዘገበው ድምር አንድ ነው፤ 572.5 ኪሎግራም። መዝገቡ ልዩነት የለም ይላል። ሁለቱን ድምሮች በቶኪዮ በተስተካከለ የሞላ ሚዛን ላይ ብንሰቅላቸው ግን የሜክሲኮው ከ1 ኪሎግራም በጥቂቱ ቀልሎ ይገኝ ነበር። በሁለት ጎን ሚዛን ብንመዝናቸው ልዩነቱ አይታይም፤ ማመዛዘኛው ድንጋይም እኩል ይቀላልና።

የሜክሲኮ ሲቲ ከፍታ በዚያ ዓመት ብዙ አነጋግሯል። አየሩ ስስ በመሆኑ ለዘላዮችና ለአጭር ርቀት ሯጮች ጠቀመ፤ ኦክስጂን በማነሱ የረጅም ርቀት ሯጮችን ጎዳ፣ ማሞ ወልዴን ግን አልበገረውም። ክብደት አንሺን ሁለቱም እምብዛም አይነኩትም። ማንሳቱ ጥቂት ሴኮንዶች ብቻ የሚፈጅ በመሆኑ ጡንቻ የሚጠቀመው ቀድሞ ያከማቸውን ጉልበት ነው፤ የአየሩም ግጭት ከቁጥር የሚገባ አይደለም። የሚነካው ስበቱ ነው፤ እርሱን ግን ማንም አልለካውም።

በርዝመት ዝላይና በ100 ሜትር ሩጫ ከኋላ የሚገፋው ነፋስ በሴኮንድ ከ2 ሜትር ከበለጠ የተመዘገበው ውጤት እንደ ክብረ ወሰን አይጸድቅም። ለስበት እንዲህ ያለ ደንብ የለም። ከ2005 ጀምሮ የክብደት ማንሳት ክብረ ወሰን በ1 ኪሎግራም ብልጫ ሊሰበር ይችላል፤ ቀደም ሲል ግማሽ ኪሎግራም እንኳ ይበቃ ነበር። ታላካዜ በ2021 መጨረሻ በታሽከንት ያነሣውን 267 ኪሎግራም ብንወስድ፣ ይኸው ብረት በሄልሲንኪና በሜክሲኮ ሲቲ መካከል የሚያሳየው የክብደት ልዩነት ከ1 ኪሎግራም በላይ ነው። ከሜክሲኮ ሲቲ ይልቅ ለምድር ወገብ የምትቀርበውና በከፍታም በጥቂቱ የምትበልጠው አዲስ አበባ የምትመደበውም ብረቱ ከሚቀልባቸው ከተሞች ወገን ነው።