ነፃነቱን በትወና ደመወዝ የገዛው ጆን ካሳቬትስ

በግሉ የሚሠራ ተዋናይ የሚባለው በቴአትር ቤት ወይም በፊልም ኩባንያ በቋሚነት ያልተቀጠረ፣ ሥራ ሲገኝ በውል የሚሠራ፣ በሁለት ሥራዎች መካከል ያለውን ባዶ ጊዜ ደግሞ በራሱ አቅም መሻገር ያለበት ባለሙያ ነው። ይህ ባለሙያ የራሱን ድርሰት ጽፎና አዘጋጅቶ ለመቅረጽ ሲነሣ ችግሩ እጥፍ ይሆንበታል፤ ከዕለት እንጀራው በተጨማሪ ካሜራ፣ የፊልም ጥቅልል፣ የቀረጻ ቦታና ከሁሉም በላይ ለማንም ያልተሸጠ ጊዜ ያስፈልገዋልና። በአሜሪካ የሲኒማ ታሪክ ይህን ችግር ከነመፍትሔውና ከነዋጋው አጉልቶ የሚያሳይ የሥራ ሕይወት ቢፈለግ ከጆን ካሳቬትስ የተሻለ ማግኘት ይከብዳል። (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

በ1929 የግሪክ ዝርያ ካለው ቤተሰብ በኒውዮርክ የተወለደው ካሳቬትስ፣ በቀጥታ ሥርጭት ይቀርቡ በነበሩት የዘመኑ የቴሌቪዥን ድራማዎች ዕውቅና ያገኘ፣ በ1957ም ከሲድኒ ፖይቲየር ጋር በመሪ ተዋናይነት የተሰለፈ፣ በተለመደው መንገድ ቢቀጥል ኖሮ ብዙም ሳይጨነቅ ሊኖር የሚችል ተዋናይ ነበር። ከዚያ መንገድ ያስወጣው ከአንድ ባልደረባው ጋር በማንሃተን የከፈተው የትወና ማሠልጠኛ ነው። በዚያ ሠልጣኞቹ የተጻፈ ቃለ ተውኔት ሳይሰጣቸው፣ ሁኔታው ብቻ ተነግሯቸው ንግግሩን እዚያው እየፈጠሩ ይለማመዱ ነበር፤ ከልምምዶቹ አንዱ፣ ነጭ የምትመስል ጥቁር ወጣትና የወንድሞቿ ታሪክ፣ «ሻዶውስ» ለተባለው የመጀመሪያ ፊልሙ መነሻ ሆነ። ካሳቬትስ በአንድ የሌሊት የሬዲዮ ዝግጅት ላይ ቀርቦ፣ ስለ ሰዎች እውነተኛ ኑሮ የሚናገር ፊልም የሚፈልግ ሕዝብ ካለ ወጪውን ራሱ ማዋጣት እንደሚገባው በተናገረ ጊዜ አድማጮች ወደ 2,000 ዶላር ላኩለት። በ1958 የታየው የመጀመሪያ ቅጂ ራሱን ስላላረካው አብዛኛውን ክፍል እንደገና ቀረጸ፤ ሁለተኛው ቅጂ በ1960 በቬኒስ ፌስቲቫል የሃያስያንን ሽልማት አገኘ፤ ሥራው ግን ሠሪውን ዕዳ ውስጥ ከትቶት ነበር።

ዕዳውን ለመክፈል በአንድ ተከታታይ የቴሌቪዥን ድራማ ውስጥ የግል መርማሪ ሆኖ ለመጫወት ተቀጠረ፤ የሥራ ሕይወቱ ሥርዓትም ከዚህ ተጀመረ። በሌሎች ፊልም ይቀጠራል፣ በደመወዙ የራሱን ይቀርጻል፣ ሲጎድል ይበደራል፣ ዳግም ይቀጠራል። በመካከሉ ሆሊውድ ጠርቶት ለትልልቅ ኩባንያዎች ሁለት ፊልሞች ቢያዘጋጅም፣ በ1963 የወጣውን ሁለተኛውን ፕሮዲዩሰሩ ከእጁ ወስዶ እንደ ፈቃዱ አስቆረጠው። በስቱዲዮ አሠራር የመጨረሻው ቅጂ፣ ማለትም የትኛው ትዕይንት ይቅር፣ የትኛው ይውጣ የሚለው ውሳኔ፣ የባለገንዘቡ ሥልጣን ነው። ካሳቬትስ ከዚያ በኋላ አብዛኛውን ዕድሜውን ያዋለው ያንን ሥልጣን በገዛ ገንዘቡ መልሶ ለመያዝ ነው።

በ1965 የጀመረው «ፌስስ» የዚህ ጥረት ፍሬ ነው። የተቀረጸው በራሱና በአማቱ ቤት፣ በ16 ሚሊ ሜትር ፊልም ነበር። ይህ ፊልም ሲኒማ ቤቶች ከሚጠቀሙበት የ35 ሚሊ ሜትር ጥቅልል በስፋቱ ከግማሽ ያነሰ ስለሆነ ዋጋው ይቀንሳል፣ ካሜራውም በትከሻ ላይ ለመሸከም ይቀላል፤ ምስሉ ግን ይሻክራል። ቀረጻው ወራት፣ የቅንብሩ ሥራ ደግሞ ዓመታት ፈጀ፤ በእነዚያ ዓመታት ካሳቬትስ እንደ «ዘ ደርቲ ደዝን» እና «ሮዝሜሪስ ቤቢ» በመሰሉ የስቱዲዮ ፊልሞች እየተወነ ወጪውን ይሸፍን ነበር። በ1968 ለሕዝብ የቀረበው «ፌስስ» ለሦስት የኦስካር ሽልማቶች ታጨ።

ከሁሉ የላቀው ሥራው በ1974 የወጣው «ኤ ውማን አንደር ዘ ኢንፍሉዌንስ» ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም። አንድም ኩባንያ ገንዘብ ሊያወጣበት ስላልፈለገ ካሳቬትስ ቤቱን በመያዣነት አስይዞ ተበደረ፤ በ«ኮሎምቦ» መርማሪነቱ የሚታወቀው ፒተር ፎልክም ከኪሱ 500,000 ዶላር አስገብቶ፣ ከታሪኩ ባልና ሚስት ባልየውን ተጫወተ። ሚስትየዋን የተጫወተችው የካሳቬትስ ባለቤት ጂና ሮውላንድስ ነች። በአንዱ ትዕይንት ባልየው ሌሊቱን ሲሠራ አድሮ የሥራ ባልደረቦቹን ሁሉ ቤቱ ይዟቸው ይመጣል፤ ሚስትየዋ በማለዳ ፓስታ ቀቅላ ታቀርብላቸዋለች፣ የእያንዳንዱን ስም ትጠይቃለች፣ ትስቃለች፣ ፍቅሯ ልክ እያለፈ ሲሄድ እንግዶቹ ማፈር ይጀምራሉ፣ በመጨረሻም ባልየው ይጮኽባታል። ታዛዥ አስተናጋጅነትና የአእምሮ መናወጥ በአንድ ገበታ ላይ እንዲህ ተዋሕደው የታዩበት ሌላ ፊልም ማስታወስ ያስቸግራል፤ በሰዓት በሚከፈልበት ስቱዲዮ ውስጥም ይህን ያህል የሚዘገይ የምግብ ትዕይንት ቆረጣ ባልተረፈው ነበር።

ፊልሙ ካለቀ በኋላም አከፋፋይ አልተገኘለትም። አከፋፋይ በፊልም ሠሪውና በሲኒማ ቤቱ መካከል ሆኖ ቅጂ የሚያባዛ፣ ማስታወቂያ የሚያሠራና ገቢውን የሚካፈል ድርጅት ነው፤ እሱ ካልተገኘ ሥራው መደርደሪያ ላይ ይቀራል። ካሳቬትስና ጓደኞቹ በየሲኒማ ቤቱ ራሳቸው ስልክ እየደወሉ ፊልሙን አስገቡ፤ ለአዘጋጁና ለሮውላንድስም የኦስካር ዕጩነት አስገኘላቸው። በራስ የማከፋፈሉን መንገድ ሌሎችም ሄደውበታል፤ ጎንደር የተወለዱት ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማም የትወና ትምህርት ለመከታተል ወደ ቺካጎ ሄደው ፊልም ሠሪ የሆኑ ሲሆን፣ በ1993 «ሳንኮፋ»ን የሚያከፋፍል ድርጅት ባጡ ጊዜ በአሜሪካ ከተሞች ሲኒማ ቤት እየተከራዩ ለጥቁሩ ማኅበረሰብ በቀጥታ አሳይተዋል።

በራስ ገንዘብ ሠርቶ በራስ ማከፋፈሉ ግን ለካሳቬትስ ሁልጊዜ አልሠመረም። በ1976 ያወጣው ፊልም ተመልካች አጥቶ ወዲያው ከሲኒማ ቤቶች ወረደ፤ በቀጣዩ ዓመት የሠራው፣ ስለ አንዲት የመድረክ ተዋናይት ጭንቀት የሚተርከው «ኦፕኒንግ ናይት»ም በርሊን ላይ ለሮውላንድስ ሽልማት ሲያስገኝ በሀገሩ አሳዪ አጥቶ ኖረ። ክፍያው ፊልሙ ትርፍ እስኪያገኝ የሚጠብቅ ተዋናይ፣ ሳሎኑ የቀረጻ ቦታ የሚሆንበት ቤተሰብ፣ ቤቱም ራሱ በዕዳ መያዙ፣ ሁሉም የነፃነቱ ዋጋ አካል ነበሩ፤ የአንድ ጀግና ገድል ብቻ አድርጎ መተረክ የእነዚህን ሰዎች ድካም መካድ ነው።

በ1984 «ላቭ ስትሪምስ» የበርሊንን ወርቃማ ድብ ሲሸለም ካሳቬትስ ታሞ ነበር። በ1989 በ59 ዓመቱ ሲሞት ገንዘብ ያጡ፣ ተጽፈው ያልተቀረጹ ድርሰቶች ትቶ አለፈ። ከነዚያ አንዱን ልጁ ኒክ በ1997 ፊልም አድርጎ አዘጋጀው፤ መሪ ተዋናዩ ሾን ፔንም በዚያው ዓመት በካን ፌስቲቫል የምርጥ ተዋናይነት ሽልማት ተቀበለበት።