የዱቄት ከተማ ፍርስራሽ፦ ከአፕል ቫሊ የግማሽ ቀን ጉብኝት

አቴንስ ለደረሰ እንግዳ የግማሽ ቀን ጉብኝት የተለመደ ነገር ነው። ጠዋት ከሆቴሉ ደጃፍ አውቶቡስ ይነሳል፤ አስጎብኚው ማይክሮፎኑን ይዞ ከፊት ይቆማል፤ አክሮፖሊስን ወይም ከከተማዋ 70 ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ ከባሕር በላይ ገደል አፋፍ ላይ የቆመውን የሱኒዮን ቤተ መቅደስ አሳይቶ ለምሳ ይመልሳል። በሚኒሶታዋ አፕል ቫሊ የሚኖር ሰው እንዲህ ያለ ጠዋት ቢያምረው አውሮፕላን መሳፈር አይጠበቅበትም። ሚኒያፖሊስ መሃል፣ ሚሲሲፒ ወንዝ ዳር፣ ጣሪያው የተገለጠና በመስኮቶቹ ሰማይ የሚታይበት የድንጋይ ሕንፃ አለ። በደህናው ዘመኑ የሚፈጨው ስንዴ ነበር።

ቦታው ሚል ሲቲ ሙዚየም ይባላል። የሚኒሶታ ታሪክ ማኅበር በ2003 ከፈተው (እዚህ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ያረፈው በዋሽበርን ኤ ወፍጮ ግድግዳዎች ውስጥ ነው፤ ይህ ወፍጮ በ1880 እንደገና ተሠርቶ ሲያልቅ በዓለም የሚስተካከለው የዱቄት ወፍጮ አልነበረም። ሚኒያፖሊስም ከ1880 እስከ 1930 የዓለም የዱቄት ዋና ከተማ ተብላ ኖራለች።

መንገዱ ቀላል ነው። መኪና ያለው በሴዳር አቬኑ ይዞ ወደ ሰሜን ይነዳል፤ መንገዱ ካልተጨናነቀ ግማሽ ሰዓት ገደማ ቢፈጅ ነው። መኪና የሌለው ከአፕል ቫሊ አውቶቡስ ጣቢያ ሬድ ላይን ላይ ይወጣል። ይህ በ2013 ሥራ የጀመረ፣ በሚኒሶታ የመጀመሪያው ፈጣን የአውቶቡስ መስመር ነው፤ ሞል ኦፍ አሜሪካ ያደርሳል። ከዚያ ብሉ ላይን የተባለው ባቡር አየር ማረፊያውን፣ ፎርት ስኔሊንግንና ሌክ ስትሪትን አልፎ፣ የምሥራቅ አፍሪካ ሰው የሚበዛበትን ሴዳር ሪቨርሳይድንም ተሻግሮ ዩ ኤስ ባንክ ስታዲየም ጣቢያ ያወርዳል። ጥቂት ብሎክ ወደ ወንዙ በእግር ሲኬድ ፍርስራሹ ፊት ለፊት ይመጣል።

ወፍጮው እዚህ ቦታ የተሠራው ለፏፏቴው ሲባል ነው። ሴንት አንተኒ ፏፏቴ በሚሲሲፒ ወንዝ ላይ ያለ ብቸኛው ትልቅ የተፈጥሮ ፏፏቴ ነው። ዳኮታዎች ኦዋምኒዮምኒ ይሉታል፤ የተቀደሰ ስፍራቸው ነው። አሁን የሚጠራበትን ስም በ1680 ያወጣለት ሉዊ ኤነፒን የተባለ ካቶሊክ ቄስ ነው። የፏፏቴው አፋፍ ጠንካራ የኖራ ድንጋይ ሲሆን ከሥሩ ያለው ግን በእጅ የሚፈረፈር የአሸዋ ድንጋይ ነው። ውሃው የታችኛውን እየቦረቦረ የላይኛውን እየናደ፣ ፏፏቴው በብዙ ሺህ ዓመታት ከፎርት ስኔሊንግ አካባቢ ወደ ላይ ሲያፈገፍግ ኖሮ ነው አሁን ያለበት የደረሰው። በ1869 ሰዎች ከድንጋዩ ሥር ዋሻ ሲቆፍሩ ወንዙ ሰብሮ ገባና ፏፏቴውን ጨርሶ ሊንደው ነበር። የአሜሪካ ጦር መሐንዲሶች ከመሬት በታች የኮንክሪት ግድግዳ ሠርተው አተረፉት።

ወፍጮዎቹ ወንዙ ላይ አልተሠሩም። ውሃው ከፏፏቴው በላይ ተጠልፎ በመንገዱ ሥር በተዘረጋ ቦይ ይመጣል፤ እያንዳንዱ ወፍጮ ድርሻውን ወደ ጥልቅ ጉድጓድ ይለቀዋል፤ የወደቀው ውሃ ጉድጓዱ ግርጌ ያለውን ተርባይን ያሽከረክርና በዋሻ ወጥቶ ወንዙን ይቀላቀላል። የተርባይኑ ጉልበት በማርሽና በቺንጋ ተስቦ እስከ ላይኛው ፎቅ ይደርሳል። እህሉም ላይ ድረስ ይወጣና፣ ከፎቅ ፎቅ በራሱ ክብደት እየወረደ ይበጠራል፣ ይፈጫል፣ ይነፋል።

በውሃ መፍጨት ለግሪኮችም አዲስ ነገር አልነበረም። የተሰሎንቄው ባለ ቅኔ አንቲፓትሮስ፣ ሴቶች መጁን ትተው እንዲያርፉ ውሃው ሥራውን እንደተረከበ የሚናገር ግጥም ጽፏል፤ ግጥሙ ሁለት ሺህ ዓመት ገደማ ሆኖታል። አቴንስ አጎራ ውስጥም አርኪኦሎጂስቶች ቆፍረው ያገኙት ከክርስቶስ ልደት በኋላ የአምስተኛው መቶ ክፍለ ዘመን የውሃ ወፍጮ ቅሪት አለ፤ ቤተ መቅደስ ለማየት የሚጣደፈው ጎብኚ ብዙውን ጊዜ ሳያየው ያልፋል።

የሚኒሶታ ገበሬ የሚዘራው የጸደይ ስንዴ ነው፤ በመከር የሚዘራው ክረምቱን አይችለውም። የጸደይ ስንዴ ፍሬው ጠንካራ፣ ሽፋኑ ግን ተሰባሪ ነው። በፈጣን የወፍጮ ድንጋይ ሲፈጭ ፉርሽካው ደቅቆ ከዱቄቱ ጋር ይቀላቀልና ያጠቁረዋል፤ ስለዚህ ገበያ ላይ ዋጋ አያወጣም ነበር። በ1870 እና በ1871 ግድም ኤድመንድ ላክሯ የተባለ የፈረንሳይ ተወላጅ በዋሽበርን ወፍጮ ውስጥ አንድ ማሽን አሻሽሎ ሠራ። ማሽኑ ከወንፊት በታች አየር እየነፋ ቀላሉን ፉርሽካ ያስወግዳል፤ ክብደት ያለው፣ ዳቦውን የሚያነሳው ክፍል ይቀራል። የተናቀው ስንዴ በጥቂት ዓመታት ውስጥ ተፈላጊ ሆነ። ይሁን እንጂ ያ ንፋስ ክፍሎቹን በብናኝ ሞላቸው።

አገር ቤት ወፍጮ ቤት የቆየ ሰው ቅንድቡ ነጥቶ ነው የሚወጣው። ያ ብናኝ አየር ላይ ሲንሳፈፍ አደገኛ መሆኑን ግን ብዙ ሰው አይገምትም። ጆንያ ውስጥ የታመቀ ዱቄት በቀላሉ አይነድም፤ ውስጡ አየር የለውም። አየር ላይ ሲበተን ግን እያንዳንዷ ቅንጣት በኦክሲጅን ትከበባለች፤ አንዷ ስትቀጣጠል ለጎረቤቷ ታቀብላለች፤ ክፍሉ በሙሉ በቅጽበት ይነዳል፤ የጋለው አየር መውጫ ሲያጣ ግድግዳውን ይገፋል።

ግንቦት 2 ቀን 1878 ምሽት ላይ የሆነው ይህ ነው። የቀን ፈረቃው ወጥቶ ጥቂት የሌሊት ሠራተኞች ብቻ ገብተው ነበር። ያለ እህል የዞሩ የወፍጮ ድንጋዮች ተፋጭተው ብልጭታ ሰጡ፤ ዋሽበርን ኤ ከነግድግዳው ፈነዳ። ድምፁ እስከ ጎረቤቷ ከተማ ሴንት ፖል ተሰማ። አጎራባች ወፍጮዎችም ተያያዙ። 18 ሠራተኞች ሞቱ፤ አሥራ አራቱ ዋሽበርን ኤ ውስጥ የነበሩ ናቸው። ከተማዋም የመፍጨት አቅሟን ሲሶ ያህል በአንድ ምሽት አጣች። ምክንያቱ የዱቄት ብናኝ መሆኑን የሚኒሶታ ዩኒቨርሲቲ መምህራን በሙከራ አሳዩ።

ባለቤቱ ካድዋላደር ዋሽበርን ቀድሞ የዊስኮንሲን ገዥ የነበረ ሰው ነው። ወፍጮውን መልሶ አሠራ፤ በኑዛዜውም ሚኒያፖሊስ ውስጥ ለወላጅ አልባ ልጆች ማሳደጊያ የሚሆን ገንዘብ ተወ። የኦስትሪያ ተወላጁ መሐንዲስ ዊልያም ደ ላ ባር የብናኝ መሰብሰቢያ መሣሪያዎች አስገባ። የሃንጋሪዎቹ ወፍጮዎች በድንጋይ ፋንታ በብረት ሮለር እንደሚፈጩ ለማየትም ወደ አውሮፓ ተላከ፤ ፋብሪካ ውስጥ የገባው ማንነቱን ደብቆ እንደነበር ይነገራል። አዲሱ ዋሽበርን ኤ በ1880 ሥራ ጀመረ። በዚያው ዓመት የኩባንያው ዱቄት ሲንሲናቲ በተካሄደ ዓለም አቀፍ የወፍጮ ባለቤቶች ትርኢት የወርቅ ሜዳልያ አገኘ፤ ዛሬም በአሜሪካ ሱቆች መደርደሪያ ላይ ያለው ጎልድ ሜዳል ዱቄት ስሙን ያገኘው ከዚያ ነው። ወፍጮው በከፍተኛ አቅሙ ሲሠራ በቀን ከ100 በላይ የባቡር ፉርጎ ስንዴ ይፈጭ ነበር፤ ዱቄቱ 12 ሚሊዮን ዳቦ ይወጣዋል ተብሎ ተሰልቷል።

የባቡር ታሪፍ ሲለወጥና ወፍጮዎች በኤሌክትሪክ መሥራት ሲጀምሩ ፏፏቴ ዳር መሆን ጥቅሙ ቀነሰ። በ1930 የበፋሎ ከተማ በዱቄት ምርት ሚኒያፖሊስን ቀደመች። ዋሽበርን ኤ በ1965 ተዘጋ፤ ባዶውን ሩብ ምዕተ ዓመት ቆይቶ በየካቲት 1991 ተቃጠለ።

ያኔ የቀረው ግድግዳ ነበር። አፍርሶ ቦታውን ለአዲስ ሕንፃ መስጠትም፣ እንደ ጥንቱ አድርጎ መገንባትም ይቻል ነበር። ከተማዋና ታሪክ ማኅበሩ ፍርስራሹን እንደ ፈረሰ ለማቆየት መረጡ። ይህ ጥያቄ ቅርስ ባለበት ሁሉ ያለ ነው። ፓርቴኖን ጣሪያውን ያጣው በ1687 ነው፤ ኦቶማኖች ባሩድ አከማችተውበት ሳለ የቬኒስ ጦር በመድፍ መታውና ፈነዳ። በሃያኛው መቶ ክፍለ ዘመን መጀመሪያ የጠገኑት ሰዎች ያስገቡት የብረት ማያያዣ ዝጎ እብነ በረዱን ሰነጠቀው፤ የዛሬዎቹ ባለሙያዎች በታይታኒየም እየተኩት ነው። አክሱም ላይም 33 ሜትር የሚረዝመው ትልቁ ሐውልት ተሰባብሮ በወደቀበት ተጋድሟል፤ ከሮም የተመለሰው ግን በ2008 ቆሟል። የሚኒያፖሊሱ ፍርስራሽም ዝም ብሎ የተተወ አይደለም፤ ግድግዳዎቹ በብረት ተደግፈዋል፣ ውርጭና በረዶ እንዳይንዳቸው ክትትል ይደረግላቸዋል፤ አዲሱ ክፍል ደግሞ ወደ ግቢው በሚያይ ረጅም መስታወት ተከልሏል።

የጉብኝቱ ማዕከል የዱቄት ማማ የሚባለው ነው። ጎብኚዎች ትልቅ የዕቃ አሳንሰር ውስጥ ተደርድረው ይቀመጣሉ፤ አስጎብኚው በሩን ዘግቶ ያስነሳዋል። አሳንሰሩ ስምንት ፎቅ ሽቅብና ቁልቁል እየሄደ ይቆማል፤ በር በተከፈተ ቁጥር አንድ የሥራ ክፍል ከነማሽኑ ይታያል፤ እዚያ ይሠሩ የነበሩ ሰዎች በገዛ ድምፃቸው ስለ ፈረቃው፣ ስለ ጩኸቱ፣ ስለ ብናኙ ያወራሉ። ለአቴንሱ አስጎብኚ የማይቻለው ነገር ይኼ ነው፤ የፓርቴኖንን ድንጋይ የጠረበ ሰው ድምፁን ቀርጾ አልተወም። ከአሳንሰሩ ሲወጣ ወንዙን፣ ፏፏቴውንና ድልድዩን ቁልቁል የሚያሳየው ሰገነት ይጠብቃል። ምድር ቤት ያለው የመጋገሪያ ክፍል ዳቦ ዳቦ ይሸታል፤ የውሃ ክፍሉ ደግሞ ልጆች እጃቸውን አርጥበው ግድብ የሚሠሩበት ነው። ሕፃን ይዞ የመጣ ቤተሰብ ከዚህ ክፍል ቶሎ አይወጣም።

ግቢው ላይ ጣሪያ የለም። አራት ማዕዘን ባዶ መስኮቶች በተደረደሩበት የኖራ ድንጋይ ግድግዳ መካከል ቆሞ ቀና ያለ ሰው፣ ከእህል ጎተራው አናት ጎልድ ሜዳል የሚለውን ግዙፍ ጽሑፍ ያያል። በበጋ እዚሁ ግቢ ሙዚቃ ይቀርባል። አጠገቡ ያለው ሰማያዊ ሕንፃ ፈረንሳዊው ዣን ኑቬል የነደፈውና በ2006 የተከፈተው ጉትሪ ቴአትር ነው። የቴአትሩ መሥራች ታይሮን ጉትሪ በ1967፣ በቀድሞው ሕንፃ፣ የኤስኪለስን የግሪክ ትራጄዲዎች በጭምብል አሳይቶ ነበር። ከአሁኑ ሕንፃ ወደ ወንዙ ተወርውሮ አየር ላይ የቀረውን መመልከቻ ድልድይ ለማየት ቲኬት አያስፈልግም።

ከሙዚየሙ ሥር ወንዙ ዳር በ2001 የተከፈተው ሚል ሩይንስ ፓርክ አለ። እዚህ የሚታየው ቁፋሮ ያወጣው ነው፦ የወፍጮዎች መሠረት፣ የድንጋይ ቅስቶች፣ የተርባይኑ ውሃ ይወጣባቸው የነበሩ ዋሻዎች አፍ። ከዚያ ጄምስ ሂል ለባቡሩ በ1883 ያሠራው ስቶን አርች ድልድይ ይጀምራል። ግማሽ ኪሎ ሜትር አልፎ የሚዘልቀው ይህ ድልድይ ወንዙን ቀጥ ብሎ አይሻገርም፤ ይታጠፋል፤ ከ1994 ጀምሮ የእግረኛና የብስክሌት ሆኗል። ለፎቶ የሚቆሙትም፣ የሚሮጡትም፣ ሙሽሮችም ይገናኙበታል።

ለመሄድ ያሰበ ሰው ሙዚየሙ በሁሉም ቀን ስለማይከፈት ቀኑንና ሰዓቱን አስቀድሞ ቢያይ ይሻላል። የአሳንሰሩ ጉብኝት ሰዓት የተመደበለት ስለሆነ እንደደረሱ ማስያዝ ነው፤ የቀረው ጊዜ ለግቢውና ለወንዙ ይሆናል። ሙቀቱ ሲመጣ ከአስጎብኚ ጋር በእግር የሚደረግ ጉብኝትም ይዘጋጃል። በክረምት ድልድዩና የወንዙ ዳር መንገድ በረዶ ስለሚይዛቸው የማያንሸራትት ጫማ ያስፈልጋል።

ሰዓት የተረፈው ድልድዩን ተሻግሮ ማዶ ያለውን ፒልስበሪ ኤን ይመልከት። በ1881 ተሠርቶ የዓለም ትልቁ ወፍጮ የሚለውን ማዕረግ ከዋሽበርን ኤ የወሰደው ይህ ነው። ማሽኖቹ ወጥተው ዛሬ ሠዓሊዎችና ሌሎች የጥበብ ሰዎች የሚከራዩት መኖሪያ ሆኗል። የድሮው የውሃ ዋሻው ግን አሁንም ይሠራል፤ አዲስ ተርባይን ተተክሎበት ለነዋሪዎቹ መብራት ያመነጫል።