የቴሌቪዥን ካሜራና የመሥሪያ ቤት ሪፖርት፦ የመሐመድ አሚን የሙያ ሕይወት

በ2010 ዓ.ም. በጌዴኦና በምዕራብ ጉጂ ዞኖች በተከሰተው ግጭት ወደ አንድ ሚሊዮን የሚጠጋ ሕዝብ ከቀዬው መፈናቀሉ ይታወሳል። በዲላና በቡሌ ሆራ ከተሞች የአስቸኳይ ጊዜ ማስተባበሪያ ማዕከላት ተቋቁመው የተፈናቃዮች ቁጥርና የእርዳታ ፍላጎት በየጊዜው ይመዘገብ ነበር። ይሁንና ጉዳዩ የአገር መነጋገሪያ የሆነው በመጋቢት 2011 ዓ.ም. በጌዴኦ ዞን ገደብ ወረዳ ጎቲቲ የተጠለሉ ሰዎች ጉስቁልና በምስል ከታየ በኋላ ነው። ጠቅላይ ሚኒስትር ዐቢይ አሕመድም በዚያው ወር ወደ ሥፍራው ተጉዘው ተፈናቃዮችን ጎብኝተዋል።

ሪፖርት ቀድሞ ተልኮ ሰሚ ያገኘው ግን ምስል ከተከተለው በኋላ መሆኑ በዲላ የተጀመረ አይደለም። በ1977 ዓ.ም. እጅግ በከፋ መጠን ታይቷል፤ የዚያን ጊዜውን ምስል የቀረጸው ኬንያዊው የቴሌቪዥን ጋዜጠኛ መሐመድ አሚን ነበር።

መሐመድ አሚን በ1935 ዓ.ም. በናይሮቢ ከአንድ የምድር ባቡር ሠራተኛ ተወለደ። ፎቶግራፍ ማንሳት የጀመረው በዳሬሰላም በተማሪነት ዘመኑ ሲሆን፣ እ.ኤ.አ. በ1963 ካሜራፒክስ የተባለውን ድርጅት በዚያው ከተማ አቋቁሟል። በዛንዚባር የሶቪየትና የምሥራቅ ጀርመን ባለሙያዎች የሚሰጡትን ወታደራዊ ሥልጠና በመቅረጹም እ.ኤ.አ. በ1966 ለአራት ሳምንታት ገደማ ታስሯል። ከዚህ በኋላ ነው መቀመጫውን ናይሮቢ አድርጎ የአፍሪካን ጦርነቶችና መፈንቅለ መንግሥቶች የተከታተለው።

በኢትዮጵያ የደረሰው ረሀብ ለሚመለከታቸው አካላት እንግዳ አልነበረም። የእርዳታ ማስተባበሪያና ማቋቋሚያ ኮሚሽን በኮሚሽነሩ በሻለቃ ዳዊት ወልደ ጊዮርጊስ አማካይነት በመጋቢት 1976 ዓ.ም. ለጋሽ አገሮችን ሰብስቦ ከ5 ሚሊዮን በላይ ሕዝብ ለችግር መጋለጡን አስታውቋል። የሚያስፈልገው እህል 900 ሺህ ቶን ያህል መሆኑ ቢታወቅም፣ የወደብና የመጓጓዣ አቅም ውስን በመሆኑ የተጠየቀው 450 ሺህ ቶን ብቻ ነበር። ቁጥሩን በግማሽ መቀነሱ ለአሠራር ተገቢ ሊመስል ይችላል፤ የአደጋውን ስፋት ግን በግማሽ አሳንሶ ማሳየቱ አልቀረም። ለጋሾችም ጥያቄውን በጥርጣሬ ተመልክተውታል። በአገር ውስጥ ደግሞ መንግሥት በመስከረም 1977 ዓ.ም. በአብዮቱ 10ኛ ዓመትና በኢሠፓ ምሥረታ በዓል ተጠምዶ ስለነበር የውጭ ጋዜጠኞች ወደ ሰሜን እንዳይጓዙ ተከልክለው ቆይተዋል።

ከበዓሉ በኋላ መሐመድ አሚን የጉዞ ፈቃድ ለማግኘት ያደረገው ጥረት ተሳክቶለት፣ ከቢቢሲው ማይክል ቡርክ ጋር በጥቅምት ወር ወደ መቀሌና በወቅቱ በወሎ ክፍለ ሀገር ወደነበረችው ኮረም አመራ። ጎሕ ሲቀድ በኮረም ሜዳ ላይ በብርድ የተኮራመተውን ሕዝብና በሌሊት የሞቱትን ለቀብር ሲያዘጋጁ ቀረጸ። ፊልሙ ጥቅምት 13 ቀን 1977 ዓ.ም. በቢቢሲ ተላለፈ፤ ከዚያም ከ400 በላይ የሚሆኑ የዓለም የቴሌቪዥን ጣቢያዎች አሳዩት። ዘገባው እስከ ዛሬ በአብዛኛው የሚነሳው በቡርክ ስም ነው፤ ተመልካቹን ያስደነገጠው ምስል ግን የአፍሪካዊው ባለሙያ ሥራ መሆኑ ሊዘነጋ አይገባም። አየርላንዳዊው ሙዚቀኛ ቦብ ጌልዶፍ የእርዳታ እንቅስቃሴውን የጀመረው ይህንኑ ዘገባ አይቶ ሲሆን፣ ላይቭ ኤይድ የተሰኘው ኮንሰርት በሐምሌ 1977 ዓ.ም. ተካሄደ። ኮሚሽኑ በመጋቢት ያሰማው ጥሪ ከፊልሙ የሚቀድመው በሰባት ወር ነው። በእነዚያ ወራት ለሞተው ሰው የጥቅምቱ ፊልም አልደረሰለትም።

መሐመድ አሚን ወደ ኢትዮጵያ መመላለሱን አላቋረጠም። ግንቦት 27 ቀን 1983 ዓ.ም. በአዲስ አበባ የሚገኝ የጥይት መጋዘን ሲፈነዳ በመቅረጽ ላይ ሳለ ግራ እጁን አጣ፤ የድምፅ ባለሙያው ጆን ማታይ በዚያው ሕይወቱ አለፈ። በሰው ሠራሽ እጅ ካሜራውን መያዝ ተለማምዶ ከወራት በኋላ ወደ ሥራው ተመለሰ። የኢትዮጵያ አየር መንገድ ሰላምታ መጽሔትም በእርሱ ድርጅት ይታተም ነበር።

ኅዳር 14 ቀን 1989 ዓ.ም. ከአዲስ አበባ ወደ ናይሮቢ ሲበር የነበረው የአየር መንገዱ ቦይንግ 767 አውሮፕላን ተጠልፎ ነዳጅ በመጨረሱ በኮሞሮስ ደሴቶች አቅራቢያ ባሕር ላይ ወደቀ። ከተሳፈሩት 175 ሰዎች 125ቱ ሞቱ፤ መሐመድ አሚን ከእነርሱ አንዱ ነበር። ከአደጋው የተረፉ ተሳፋሪዎች በመጨረሻዎቹ ደቂቃዎች ቆሞ ከጠላፊዎቹ ጋር ሲነጋገር እንዳዩት ተናግረዋል።