ጭቃ የነካው ቦት ጫማ ፓርላማ ሲገባ

በባሕር ዳር የግንባታ ሥራ ላይ የዋለ ሰው «ካቦ» የሚለውን ቃል ሳያውቀው አይቀርም። የቀን ሠራተኛውን የሚያሰማራው፣ ማን ስንት ሰዓት እንደሠራ የሚይዘው ሰው ነው። ቃሉ ከጣሊያንኛ የተወረሰ ሲሆን አለቃ ማለት ነው። ከጣሊያን የደረሰን ቃል ብቻም አይደለም፤ የከተማችን ጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ራሱ በ1953 ዓ.ም. የተቋቋመው ጣሊያን በከፈለችው የጦር ካሳ ነው። ዛሬ የምናስተዋውቃችሁ ሰው ደግሞ በዚያው አገር፣ በጣሊያን እርሻዎች ላይ ከ«ካቦዎች» ጋር ሲታገል የኖረ አፍሪካዊ ስደተኛ ነው፦ አቡበከር ሱማሆሮ።

ሱማሆሮ እ.ኤ.አ. በ1980 በአይቮሪ ኮስት ተወልዶ በ1999፣ ገና በ19 ዓመቱ ጣሊያን ገባ። በቀን ሥራ እየተዳደረ ቆይቶ በ2010 ከኔፕልስ ዩኒቨርሲቲ በሶሲዮሎጂ ተመረቀ። በኋላም በአንድ የሠራተኞች ማኅበር ውስጥ የእርሻ ሠራተኞች አስተባባሪ ሆነ።

የሚታገለውን ነገር ለመረዳት ሰሊጥ ለማጨድ መተማና ሁመራ ወርደው የሚያውቁ ወንድሞቻችንን መጠየቅ ይበቃል። በደቡብ ጣሊያን ቲማቲምና ብርቱካን የሚለቅሙ ስደተኞችን ከባለ እርሻው ጋር የሚያገናኛቸው «ካፖራሌ» የሚባል ደላላ ነው። ሌሊት ጎህ ሳይቀድ በመኪና ይሰበስባቸዋል፣ የትራንስፖርት ያስከፍላቸዋል፣ ከዕለት ደመወዛቸውም ይቆርጣል። መኖሪያቸው በላስቲክና በቆርቆሮ የተቀለሰ ጎጆ ነው። እ.ኤ.አ. በ2016 የወጣው ቁጥር 199 ሕግ ደላላውን ብቻ ሳይሆን አሠሪውንም በወንጀል ይጠይቃል። ነገር ግን የመኖሪያ ፈቃድ የሌለው ሠራተኛ ልባረር እችላለሁ ብሎ ስለሚፈራ ለመክሰስ አይደፍርም። የነገሩ ቋጠሮ ይኸው ነው፤ ወረቀት የሌለው ሰው መብት ቢኖረውም አይጠይቅም።

የሱማሆሮን ስም በመላው ጣሊያን ያሰማው አንድ ግድያ ነው። በሰኔ 2018 (እ.ኤ.አ.) የ29 ዓመቱ የማሊ ተወላጅ ሱማይላ ሳኮ በካላብሪያ ከተዘጋ ፋብሪካ ቆርቆሮ ሲለቅም በጥይት ተገደለ። ቆርቆሮውን የፈለገው ለመጠለያ ነበር። ሳኮ የማኅበሩ አባል ስለነበር ሱማሆሮ ለእሱ ድምፅ ሆነ፤ ታዋቂው «ሌስፕሬሶ» መጽሔትም በዚያው ወር ፎቶውን በሽፋኑ ላይ አወጣው። በ2020 በኮሮና ወቅት «የማይታዩ ሰዎች» የተባለ የሥራ ማቆም አድማ ጠራ፤ በሰኔም ሮም ውስጥ መንግሥት ስብሰባ በያዘበት ስፍራ አጠገብ ራሱን በሰንሰለት አስሮ ምግብ አልበላም አለ። ጠቅላይ ሚኒስትሩ ጁሴፔ ኮንቴ በዚያው ዕለት ተቀብለው አነጋገሩት።

በመስከረም 2022 በግራ ዘመምና በአረንጓዴዎች ጥምረት ስር ተወዳድሮ የፓርላማ አባል ሆነ። ምክር ቤቱ በጥቅምት ሲከፈት ጭቃ የነካውን የእርሻ ቦት ጫማ ተጫምቶ ገባ። ያ ምስል ዓለምን ዞረ።

ታሪኩን እዚህ ላይ ብናቆመው ደስ ባለን ነበር። ወር ከምናምን እንዳለፈ ግን የባለቤቱ ቤተሰብ በሚያስተዳድራቸው፣ ስደተኞችን በሚያስጠልሉ የኅብረት ሥራ ማኅበራት ላይ ምርመራ መከፈቱ ተሰማ። ክሱን ያነሡት ሠራተኞቹ ነበሩ፤ ደመወዛችን ለወራት አልተከፈለንም አሉ። እሱ ራሱ በወቅቱ ተጠርጣሪ አልነበረም፤ ስለ ጉዳዩም አላውቅም ነበር አለ። ይሁንና ከፓርቲ ቡድኑ ራሱን አገለለ፣ ቆይቶም ወጥቶ በግል አባልነት ቀጠለ።

ጠላቶቹ በዚህ ፈነደቁ፤ ስለ ስደተኞች የተናገረው ሁሉ ውሸት ነበር ለማለትም ተጠቀሙበት። እኛ በዚህ አንስማማም። በካላብሪያ ያሉት የላስቲክ ጎጆዎች በእሱ ስም መጉደፍ ምክንያት ቤት አልሆኑም። በሌላ በኩል ግን ደመወዝ ያልተከፈላቸው ሠራተኞች ጥያቄ «የጠላት ወሬ ነው» ተብሎ የሚታለፍ አይደለም። እነሱን ሰምቶ ጉዳዩን ያወጣው ሌላ የሠራተኞች ማኅበር መሆኑን ልብ ይሏል። ማኅበሩ ከአንድ ሰው ዝና በላይ የሚያስፈልገው ለዚህ ይመስለናል።

በጣና ዙሪያ፣ ከአለፋና ከጣቁሳ እስከ ደራና ፎገራ፣ ለአጨዳም ሆነ ለግንባታ ከቤቱ የሚወጣ ወጣት ብዙ ነው። ደላላ እንጂ ማኅበር አጋጥሞት የሚያውቀው ግን ጥቂት ነው። የአገራችን የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 አሥርና ከዚያ በላይ ሠራተኛ ባለበት ድርጅት ማኅበር ማቋቋም እንደሚቻል ይደነግጋል። ከአሥር በታች በሆኑባቸው ድርጅቶች የሚሠሩም ከሌሎች ጋር ተሰባስበው አጠቃላይ የሠራተኛ ማኅበር መመሥረት ይችላሉ።