«ነፃ» ፊልም ያስከፈላት 5 ሺህ ብር

«ሲኒማ ቤት ሳይገባ እኛ ጋ አለ! በነፃ!»

አንዲት የአዲስ አበባ ወጣት (ስሟ ይቆየን) ቅዳሜ ማታ ይህቺን ማስታወቂያ ቴሌግራም ላይ አየች። ጓደኞቿ ቤቷ ተሰብስበዋል፣ ፈንዲሻው ቀርቧል። ነካችው። «ዕድሜሽን ለማረጋገጥ ስልክ ቁጥርሽን አስገቢ» አላት፤ አስገባች። ወዲያው አጭር ቁጥር በመልእክት መጣላት። እሱንም ጻፈችላቸው። ፊልሙስ? ወፍ የለም!

እሑድ ጠዋት አክስቷ ደወሉ። «ምነው ልጄ፣ ምን ገጠመሽ? ያልሽውን 5 ሺህ ብር ልኬልሻለሁ፣ ደረሰሽ?»

ልጅቷ ክው አለች። ለካስ ሌሊቱን ሙሉ በእሷ ስም፣ በእሷ ፎቶ፣ «ቸግሮኛል» እየተባለ ለዘመድ አዝማዱ ሲጻፍ አድሯል!

ነገሩ እንዲህ ነው። ያቺ አጭር ቁጥር የቴሌግራማችሁ ቁልፍ ናት። ሌቦቹ በእናንተ ስልክ ቁጥር በራሳቸው ስልክ ሊገቡ ሲሞክሩ ቁጥሯ ለእናንተ ትላካለች። መልእክቱ ራሱ «ለማንም እንዳትሰጡ» ይላል። ግን ፈንዲሻ ይዞ መልእክት የሚያነብ ማን አለ?

ይህ የደረሰበት ሰው ሳይውል ሳያድር ሴቲንግ ውስጥ ገብቶ «ዲቫይስስ» የሚለውን ይክፈት፤ የማያውቀውን ስልክ ሁሉ ያስወጣ። ከዚያ «ቱ ስቴፕ ቬሪፊኬሽን» የሚለውን የይለፍ ቃል ያብራ። ሌላም አለ። ፊልም ብላችሁ ያወረዳችሁት ፋይል ስሙ በ«ኤፒኬ» ካለቀ ፊልም አይደለም፣ ስልክ ውስጥ የሚጫን ፕሮግራም ነው። ፊልም «ጫኑኝ» ብሎ አይለምንም። በዚያው ስልክ ባንክ የምትጠቀሙ ከሆነማ... እንተወው።

«እኔ እኮ ቻናል ከፍቼ ማከፋፈል ብቻ ነው» የሚለውስ? እ.ኤ.አ. በ2009 «ኤክስ ሜን ኦሪጅንስ፦ ዎልቨሪን» የተባለው የአሜሪካ ፊልም ለሕዝብ ከመታየቱ አንድ ወር ገደማ ቀድሞ ኢንተርኔት ላይ ወጣ። አንድ የኒውዮርክ ነዋሪ ፊልሙን ኢንተርኔት ላይ በመጫኑ ጥፋተኛነቱን አምኖ በ2011 የአንድ ዓመት እስራት ተፈረደበት። ያ አሜሪካ ነው እንዳትሉ! በእኛም አገር በ1996 ዓ.ም. የወጣው የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410 የሰው ሥራ ሆን ብሎ የሚያባዛውን በእስራት ይቀጣል።

የአማርኛ ፊልም ሠሪውማ ያሳዝናል። ያወጣውን ገንዘብ ከትኬት እመልሳለሁ ሲል አንዱ አዳራሽ ውስጥ በስልኩ ቀድቶ ይለቅበታል። የተመልካቹ ሳቅና የፊተኛው ወንበር ሰውዬ ጭንቅላት ሳይቀር!

ወደ ልጅቷ እንመለስ። አክስቷን በየወሩ 500 ብር እየከፈለች ነው። ፊልም ፍለጋ እንደሆነ ግን አልነገረቻቸውም፤ «ስልኬ ተሰርቆ ነው» ብላቸዋለች። እሳቸውም አምነው፣ የተሻለ ስልክ እንዲገዙላት ከዘመድ ገንዘብ ማሰባሰብ ጀምረዋል።