ከሠርግ ዳስ እስከ እጅ ስልክ፦ የኢንዶኔዥያ መዝናኛ ጉዞ

ከ17 ሺህ በላይ ደሴቶች ባሏት ኢንዶኔዥያ፣ ሕዝቡ ምን አይቶ እንደሚዝናና ለረጅም ጊዜ ሲወሰን የኖረው በዋና ከተማዋ በጃካርታ ነበር። በጎርጎሮሳውያኑ 1962 ሥርጭት የጀመረው የመንግሥት ቴሌቪዥን ለሩብ ምዕተ ዓመት ያህል ያለ ተፎካካሪ ቆይቷል። በ1989 አርሲቲአይ የተሰኘው የመጀመሪያው የግል ጣቢያ ሲከፈትም መቀመጫው እዚያው ጃካርታ ሆነ።

ይህ ልማድ ሊቀየር እንደሚችል ቀድማ ካሳዩት አንዷ ድምፃዊት ኢኑል ዳራቲስታ ናት። ኢኑል በምሥራቅ ጃቫ በየሠርጉና በየግርዛት ድግሱ ዳንግዱት ትዘፍን ነበር። ዳንግዱት የማላይ፣ የሕንድና የዓረብ ዜማዎች የተዋሐዱበት የተራው ሕዝብ ሙዚቃ ነው። ዳሌዋን እያሽከረከረች የምትጨፍርበት ትርዒት ያለ ፈቃድ በተባዙ ቪዲዮ ሲዲዎች ከእጅ ወደ እጅ ተዛመተ። ቴሌቪዥን ያገኛት ከሕዝቡ በኋላ ነው። በ2003 “የዳንግዱት ንጉሥ” የሚባለው ሮማ ኢራማ ጭፈራዋን አወገዘ፤ የሃይማኖት መሪዎችም ተቃወሟት። ዝናዋ ግን አልቀነሰም።

ሲዲው የጀመረውን መንገድ ኢንተርኔት አሰፋው። በ2011 ከጃካርታ ርቃ በምትገኘው የጎሮንታሎ ግዛት፣ አንድ ፖሊስ የደንብ ልብሱን እንደለበሰ የሕንድ ፊልም ዘፈን የሚዘፍን መስሎ ሲጨፍር የሚያሳይ ቪዲዮ በዩቲዩብ ተለቀቀ። ፖሊሱም በጥቂት ቀናት ውስጥ የአገር መነጋገሪያ ሆነ።

ዛሬ ሲኒማውም ታሪኩን ከኢንተርኔት ይቀዳል። በ2022 ከ9 ሚሊዮን በላይ ተመልካች ያገኘው “ካካኤን ዲ ዴሳ ፔናሪ” የተሰኘው አስፈሪ ፊልም፣ መነሻው በ2019 በትዊተር በተከታታይ የቀረበ ጽሑፍ ነው። በ2024 ለእይታ በቅቶ እንዲሁ ከ9 ሚሊዮን በላይ ሰው ያየው “አጋክ ላየን” የተባለው አስቂኝ ፊልም ደግሞ የተወለደው ከአራት ኮሜዲያን ፖድካስት ነው።

በሩ ሲሰፋ ግን ቁጥጥሩም አብሮ መጣ። በ2018 መንግሥት ለሕፃናት የማይገባ ይዘት አለበት በሚል ቲክቶክን ለቀናት ዘግቶ ነበር። በ2023 ደግሞ እስላማዊ ጸሎት ካደረሰች በኋላ የአሳማ ሥጋ ስትበላ የሚያሳይ ቪዲዮ በቲክቶክ የለቀቀች ሴት የሁለት ዓመት እስራት ተፈርዶባታል። በ2024 የቀረበው የብሮድካስት ሕግ ማሻሻያ ረቂቅ ቁጥጥሩን ወደ ኢንተርኔት ይዘቶች የሚያሰፋ በመሆኑ ጋዜጠኞች አደባባይ ወጥተው ተቃውመውታል።

ለኢንዶኔዥያ ወጣቶች ዝነኛ ለመሆን የጃካርታን ስቱዲዮ ደጅ መጥናት የግድ መሆኑ ቀርቷል። በኢኑል ጭፈራ ሳቢያ የተነሳው ጥያቄ ግን ዛሬም መልስ አላገኘም፦ ሕዝብ በወደደው ነገር ላይ ገደብ የማኖር ሥልጣን የማን ነው?