ከፈላና በር ውጭ ያለው ጎረቤታችን



በአንድ ከሰዓት በኋላ ተማሪዎቻችንን ይዘን የጀጎልን ግንብ ልናስጎበኝ ወጥተን ነበር። በሐረሪ ቋንቋ አሱም በሪ ከሚባለው ከፈላና በር ተነሥተን ግንቡን ተከትለን ስንሄድ፣ ከግርጌው የምትታየውን ቀዳዳ እያመለከትን «ይህች ለምን የተሠራች ይመስላችኋል?» ስንል ጠየቅናቸው። አንዱ «ለጎርፍ ነው» አለ። አንዷ ደግሞ «አያቴ የጅብ መግቢያ ናት ብላኛለች» አለች። ሁለቱም እውነት ተናግረዋል። በቀን ውሃ የሚወርድባት ቀዳዳ፣ ሌሊት ጅብ ገብቶ የከተማውን አጥንትና ትርፍራፊ የሚለቅምባት በር ናት።

ይሁንና አንድ ልጅ ወደ ጎን ሳበንና «ኡስታዝ፣ ጅብ ብንገድል ወንጀል ይሆንብናል?» አለን። ነገሩን ብንጠይቀው በሰፈሩ ዳር ያለ የጅብ ጉድጓድ ግልገሎች እንዳሉበትና ጎረቤቶቹ አፉን በድንጋይ ለመድፈን እንደተማከሩ ነገረን። በዚያች ሰዓት የመለስንለትን እዚህ ለቤተሰብ ሁሉ ማካፈል ወደድን።

በመጀመሪያ ጅቡን እንወቀው። በሐረር የምናየው ዥንጉርጉሩ ጅብ ነው። መንጋውን የምትመራው ሴቷ ስትሆን በአካልም ከወንዱ ትበልጣለች። አብዛኛውን ጊዜ የምትወልደው አንድ ወይም ሁለት ግልገል ብቻ ነው፤ አንድ ዓመት አልፎም ታጠባለች። ስለዚህ አንድ ጉድጓድ መድፈን የአንዲት እናትን የረጅም ጊዜ ድካም መቅበር ነው። መንጋጋው የትልቅ እንስሳ አጥንት ይሰብራል፤ ኩሱ የሚነጣውም ከአጥንቱ ኖራ የተነሣ ነው። በየመንገዱ ሸትቶ በሽታ የሚያመጣውን ጥንብ ያለ ደመወዝ ያነሣልናል።

ሸሪዓችንም እንስሳን አልዘነጋም። ቁርኣን በሱረቱል አንዓም በምድር የሚሄዱ እንስሳት እንደ እኛው ሕዝቦች መሆናቸውን ይነግረናል። ነቢያችን (ሰ.ዐ.ወ) ለተጠማ ውሻ ውሃ ያጠጣ ሰው ምሕረት እንዳገኘ፣ ድመት አሥራ በረሃብ የገደለች ሴት ደግሞ እንደተቀጣች አስተምረዋል። የፊቅህ ኪታቦቻችን በኢሕራም ላይ ያለ ሰው ጅብ ቢገድል አውራ በግ ካሣ እንዲሰጥ ይደነግጋሉ። ሰው የሚያጠቃን አውሬ መከላከል አንድ ነገር ነው፤ በጉድጓዱ ያለን ግልገል ማፈን ግን ሌላ ነው።

የሐረር አባቶች በክፉ የረሃብ ዘመን ጅብ ሰውን ባስቸገረ ጊዜ፣ ገንፎ በቅቤ አዘጋጅተው እንዳበሉትና ሰላም እንደወረደ ይተረካል። በዓሹራ ገንፎ የማቅረቡ ባህል ከዚሁ ጋር ይያያዛል። አንዳንዶች ጅቡ እንዳበላሉ የመጪውን ዓመት ዕድል ያነባሉ። እዚህ ላይ ጠንቀቅ እንበል፤ የሩቁን ምሥጢር የሚያውቀው አላህ (ሱ.ወ) ብቻ ነው። ከባህሉ የምንወስደው ጥንቆላውን ሳይሆን ጉርብትናውን ነው። ሰው ግንብ ሠርቶ ራሱን ጠበቀ፤ ለጎረቤቱም መተላለፊያ አላሳጣውም። ያ ግንብ እ.ኤ.አ በ2006 በዓለም ቅርስነት ሲመዘገብ የተከበረው ድንጋዩ ብቻ አይደለም፤ በውስጡ የኖረው ሰው የአኗኗር ጥበብም ነው።

መተላለፊያ ያጣ ጎረቤትም አለን። ከሐረር ወደ ደቡብ ምሥራቅ፣ በኤረርና በጎበሌ ሸለቆዎች የሚኖረው የባቢሌ ዝሆን ነው። እ.ኤ.አ በ1970 መጠለያ ተከልሎለታል። ሆኖም ሰፈራው፣ እርሻው፣ የከሰል ጭሱና የጥርስ አዳኙ ጥይት ከየአቅጣጫው አጥብበውታል። ዝሆን አንድ ልጅ ለመውለድ 22 ወር ታረግዛለች። አንድ ጥይት የሚወስደውን ለመተካት ዓመታት ያስፈልጋሉ።

ወላጆች ሆይ! ልጆቻችሁ ለብቻቸው ወደ ጅብ እንዳይቀርቡ፣ ግልገሉንም እንዳይነኩ ምከሩ፤ ነክሶ የእብድ ውሻ በሽታ ሊያስተላልፍ ይችላልና። ፍየሎቻችሁን በጊዜ በረት አስገቡ። ለውሻ የሚቀመጥ መርዝ ጅቡንም እንደሚገድል አትርሱ። ላስቲክ ከትርፍራፊ ጋር አትጣሉ። እናንተ ወጣቶችም ድንጋይ ከማንሣታችሁ በፊት «ይህ እንስሳ ምን በደለኝ?» ብላችሁ ጠይቁ።

የዚያን ልጅ አባት አነጋገርናቸው። ጥቂት ዝም ብለው «ግልገሎቹ ጠንክረው እስኪወጡ እንታገሣለን፤ እስከዚያ በረቱን አጠናክራለሁ» አሉን። ጎረቤቶቻቸውንም ራሳቸው አስማሙ። ጉድጓዱ አልተደፈነም፤ አልሐምዱ ሊላህ።

«ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ» ይባላል። እኛም ጎረቤቶቻችን ካለቁ በኋላ ከምንጮህ፣ ዛሬ እያሉ እንጠብቃቸው።

ወሰላሙ ዐለይኩም።